ከአልቅት እስከ ሊምናቲስ፦ የአንድ የውሃ ፍጥረት ስሞችና አገልግሎታቸው

ነፋስ ስልክ የሚለው የሰፈር ስም ከመነሻው የሙያ ቃል ነበር። ያለ ሽቦ መልእክት የሚያስተላልፈው መሣሪያ ወደ አገራችን ሲገባ ቃል አዋቂዎች "ስልክ" ላይ "ነፋስ"ን ደርበው ጠሩት፤ ጣቢያው የተተከለበት የደቡብ አዲስ አበባ አካባቢም በዚያው ስም ቀረ። "ስልክ" ራሱ ከዐረብኛ የመጣ ሲሆን ትርጉሙ ክር ወይም ሽቦ ነው። የነፋስ ስልክ ላፍቶ ክፍለ ከተማ ሁለተኛ ስም ደግሞ በኦሮምኛ የግራር ዓይነት ዛፍ መጠሪያ ነው። አንዱ ስም መሣሪያ፣ ሌላው ዛፍ ይዞ እስከ ዛሬ ይኖራል። ትክክለኛ ስም የወጣለት ነገር ከዘመን ዘመን ይሻገራል።

ይህ ዳሰሳ የሚመለከተው በኩሬ፣ በምንጭና በዝግተኛ ወንዝ የሚኖረውን አልቅትንና ሳይንስ ያወጣለትን ስሞች ነው። መካኒሳንና ላፍቶን ይዞ የሚወርደው ትንሹ አቃቂ በሚያልፍበት ክፍለ ከተማ የባዮሎጂ መምህሩ፣ የጤና ባለሙያውና የውሃ ጥራት መርማሪው ስለዚህ ፍጥረት በተለያዩ ቃላት ይናገራሉ። አንዱ ሂሩዶ፣ ሌላው ሂሩዲኒያ፣ ሦስተኛው ሊምናቲስ ይላል። ሦስቱ ስሞች አንድ አይደሉም፤ ልዩነታቸውን አለማወቅም ዋጋ ያስከፍላል።

የቤታችን ቃል

"አልቅት" የቆየ ሴማዊ ቃል ነው። በግዕዝ ዐለቅት፣ በዐረብኛ ዐለቅ፣ በዕብራይስጥ ዐሉቃ ይባላል፤ የዐረብኛው ሥር መንጠልጠልንና መጣበቅን ያመለክታል። የቁርኣን 96ኛ ምዕራፍ አል-ዐለቅ መባሉም ከዚሁ ሥር ነው። የቃሉን ዘር የሚጠብቁ ጸሐፊዎች "ዐልቅት" ብለው በዐይኑ ዐ የሚጽፉት በዚህ ምክንያት ነው። በመጽሐፈ ምሳሌ ምዕራፍ 30 ቁጥር 15 ላይ አልቅት የማትጠግብ እናት ሆና ትነሣለች። እዚያው ቦታ ላይ የግሪኩ ትርጉም "ብዴላ"፣ የላቲኑ "ሳንጉይሱጋ" ይላል፤ የላቲኑ ቃል ፍቺ ደም መጣጭ ነው። እነዚህ ሁለት የጥንት ቃላት ኋላ ወደ ሳይንሱ መዝገብ ገብተዋል።

በዕለት ንግግራችን አልቅት ምሳሌ ነው። የማይለቅ ሰው "እንደ አልቅት ተጣበቀ" ይባላል፤ የሰው ድካም የሚበላ ደግሞ "ደም መጣጭ" ይሰኛል። በገጠር ግን ቃሉ የታወቀ በሽታ ስም ነው። ከኩሬ ጠጥታ የተመለሰች ላም አፍንጫዋ ሲደማ ወይም ከአፏ ደም የተቀላቀለ ለሃጭ ሲወርድ እረኛው "አልቅት ይዟታል" ይላል፤ ምርመራውም ብዙ ጊዜ ትክክል ነው።

ሂሩዶና ሂሩዲኒያ

ስዊድናዊው የተፈጥሮ ሊቅ ካርል ሊኔየስ በእ.ኤ.አ. 1758 ባሳተመው መዝገቡ የአውሮፓን የሕክምና አልቅት "ሂሩዶ ሜዲሲናሊስ" ብሎ ሰየመ። "ሂሩዶ" በላቲን አልቅት ማለት ነው፤ "ሜዲሲናሊስ" ደግሞ ለመድኃኒት የሚሆን። በሳይንስ ሕግ የመጀመሪያው ቃል የወገን ስም፣ ሁለተኛው የዝርያ ስም ነው። ስለዚህ "ሂሩዶ" አንድን ጠባብ ወገን ብቻ ይጠራል። ሁሉንም አልቅቶች በአንድነት የሚጠራው ሰፊ ስም "ሂሩዲኒያ" ነው።

በሂሩዲኒያ ሥር ወደ 700 የሚጠጉ ዝርያዎች ይታወቃሉ። አብዛኞቹ በጨው አልባ ውሃ ይኖራሉ፤ ጥቂቶቹ በባሕር፣ ሌሎቹ በእርጥብ ደን ውስጥ በየብስ ይገኛሉ። ከምድር ትል ጋር በቀለበታማ ትሎች ጎራ ይመደባሉ። በፊትና በኋላ የመጥመጫ አካል አላቸው፤ በአንድ አካል ወንዴም ሴቴም ናቸው፤ እንቁላላቸውን የሚጥሉት ራሳቸው በሚሠሩት ሽፋን ውስጥ ነው። ሁሉም ግን ደም መጣጮች አይደሉም። ከፊሎቹ ትልና የነፍሳት ዕጭ ይውጣሉ፤ ግሎሲፎኒያ የሚባሉት ደግሞ ኩምቢ መሰል አፋቸውን ሰክተው የቀንድ አውጣ አካል ይመጥጣሉ። ቢልሃርዚያ የሚተላለፈው በውሃ ቀንድ አውጣ አማካይነት እንደሆነ ለሚያስብ ሰው አልቅት ሁሉ ጠላት አለመሆኑን ይህ ብቻ ያሳየዋል።

ሊምናቲስ ኒሎቲካ፦ የእኛን አካባቢ የሚነካው ስም

ለኢትዮጵያ አንባቢ ከሁሉ የሚቀርበው ስም "ሊምናቲስ ኒሎቲካ" ነው። "ሊምኔ" በግሪክ ኩሬ ወይም ሐይቅ ነው፤ የሐይቅና የወንዝ ጥናት "ሊምኖሎጂ" የተባለውም ከዚሁ ነው። "ኒሎቲካ" የናይል ማለት ነው። ዝርያውን የገለጸው ፈረንሳዊው ዡል ሴዛር ሳቪኚ ነው፤ በእ.ኤ.አ. 1798 ከናፖሊዮን ጦር ጋር ግብፅ ከገቡት ሊቃውንት አንዱ ነበር። በእ.ኤ.አ. 1822 በታወቀው ሥራው በመጀመሪያ የሰየመው "ብዴላ ኒሎቲካ" ብሎ ነበር፤ ወደ ሊምናቲስ ወገን የተዛወረው በኋላ ነው።

የዚያው ዘመቻ የጦር ሐኪም ላሬ በበረሃ ጥማት የኩሬ ውሃ በደረታቸው ተኝተው ሲጠጡ አልቅት የዋጡ ወታደሮች የደረሰባቸውን መዝግቧል። የሐኪሙ መዝገብና የሥነ እንስሳ ሊቁ ስያሜ ስለ አንድ ጠባይ ይመሰክራሉ፤ ሊምናቲስ መንጋጋው ደካማ ስለሆነ የሰውን ቆዳ መብሳት ይከብደዋል። ስለዚህ ለስላሳውን የውስጥ ሽፋን፣ አፍን፣ አፍንጫን፣ ጉሮሮን ይፈልጋል። አዲስ የተፈለፈለው እንደ ክር ቀጭን ስለሆነ ከሚጠጣ ውሃ ጋር ሳይታይ ይገባል፤ ገብቶም ደም እየመጠጠ ለቀናት፣ አንዳንዴም ለሳምንታት ተጣብቆ ያድጋል።

"ኒሎቲካ" ስለተባለ ግን አገሩ የናይል ተፋሰስ ብቻ ነው ማለት አይደለም፤ ከሰሜን አፍሪካ እስከ ሜዲትራኒያን ዳርቻ ይታወቃል። ትንሹ አቃቂም በአባ ሳሙኤል በኩል ወደ አዋሽ የሚገባ እንጂ ከዓባይ ጋር የማይገናኝ ወንዝ ነው። ከቦታ የተወሰደ የዝርያ ስም መጀመሪያ የተገኘበትን ያስታውሳል እንጂ ድንበር አያሰምርም። ስሙም ቢሆን የጸና ዐለት አይደለም፤ በምዕራብ እስያ "ኒሎቲካ" ሲባሉ ከነበሩት ከፊሎቹ ዛሬ "ፓሉዳ" በሚል ስም ተለይተዋል። የቆዩ መጻሕፍት ሊምናቲስን ከሂሩዶ ጋር በአንድ ቤተሰብ ይመድቡት ነበር። በእ.ኤ.አ. 2010 የፔሩን ቲራኖብዴላ ሬክስን ያስተዋወቀው ጥናት ግን በአፍና በአፍንጫ ሽፋን የሚጣበቁት አልቅቶች የራሳቸው ቤተሰብ እንዳላቸው አሳየ፤ የቤተሰቡ ስም ፕራኦብዴሊዴ ነው። ስለዚህ ሊምናቲስን "ሂሩዶ" ብሎ መጥራት ዛሬ ሁለት ጊዜ መሳሳት ነው፤ ወገኑም ቤተሰቡም ሌላ ነው።

ቃሉ በሐኪም ቤት

ሕክምና ከሂሩዶ ሥር ሁለት ተቃራኒ ቃላት አውጥቷል። "ሂሩዲኒያሲስ" አልቅት የሚያደርሰው ሕመም ነው፤ "ሂሩዶቴራፒ" ደግሞ በአልቅት ማከም።

ከሁለተኛው ብንጀምር፣ አውሮፓ በ19ኛው ክፍለ ዘመን ለሕመም ሁሉ ደም በአልቅት ያስመጥጥ ነበር። ፈረንሳይ በእ.ኤ.አ. 1833 ብቻ ከ40 ሚሊዮን በላይ አልቅት ከውጭ አስገብታለች፤ በዚህም የተነሣ ፍጥረቱ ከብዙ ኩሬዎች ተመናመነ። በአገራችን ደም የማውጣት ባህል የታወቀው በቀንድ በሚደረገው ዋግምት ነው። የአልቅት ሕክምና ዛሬ የቀረው ለተለየ ሥራ ሲሆን፣ የተቆረጠ ጣት ወይም ጆሮ ተመልሶ ሲሰፋ መውጫ ያጣውን ደም ለማስተንፈስ ያገለግላል። የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር ለዚህ አገልግሎት በእ.ኤ.አ. 2004 ፈቃድ ሰጥቷል።

ምሥጢሩ በምራቁ ነው። ጆን ቤሪ ሃይክራፍት በእ.ኤ.አ. 1884 አልቅት ደም እንዳይረጋ የሚያደርግ ንጥረ ነገር እንዳለው አሳየ፤ ኋላ "ሂሩዲን" ተባለ። ፍሪትዝ ማርክቫርት በእ.ኤ.አ. 1950ዎቹ አጥርቶ ለየው፤ ከእሱም እንደ ሌፒሩዲን ያሉ መድኃኒቶች ተወለዱ። እዚህም ላይ የስም ትክክለኛነት ተፈትኗል። በእ.ኤ.አ. 2007 የወጣ የዘረመል ጥናት በገበያ "ሂሩዶ ሜዲሲናሊስ" ተብሎ ይሸጥ የነበረው አልቅት በእውነቱ ሂሩዶ ቬርባና መሆኑን አረጋገጠ። ለዓመታት በአንዱ ስም የተጻፈ የምርምር ውጤት የሌላው ሆኖ ተገኘ።

ለእኛ አገር የሚበረታው የመጀመሪያው ቃል፣ ሂሩዲኒያሲስ ነው። ጉሮሮ ውስጥ ያለ አልቅት የአፍንጫ መድማት፣ ደም መትፋት፣ የድምፅ መጎርነን፣ የሆነ ነገር የተሰነቀረ ያህል ስሜት፣ ሲቆይም የደም ማነስ ያስከትላል። ደም የተቀላቀለ አክታ ያየ ባለሙያ አስቀድሞ የሚጠረጥረው ሳንባ ነቀርሳን ነው፤ ተገቢም ነው። ነገር ግን "ከምንጭ ወይም ከኩሬ ጠጥተሃል ወይ?" የሚለው አንድ ጥያቄ ሌላ መንገድ ይከፍታል። ለበዓል ወይም ለክረምት ዕረፍት ገጠር ሰንብቶ የተመለሰ የከተማ ልጅም ይህ ጥያቄ ሊነሣለት ይገባል። የአንገት በላይ ሐኪም የሚያደነዝዝ መድኃኒት ነፍቶ በመቆንጠጫ ያወጣዋል፤ እፎይታውም ፈጣን ነው።

በባህል ሕክምናችን አልቅት ለያዘው ከብት የትምባሆ ቅጠል ተዘፍዝፎ በአፍንጫው ይጨመርለታል። ይህ ልማድ በብዙ የአገራችን አካባቢዎች ተመዝግቧል፤ ኒኮቲን አልቅትን ማስለቀቁም አያስደንቅም። ለሰው፣ ይልቁንም ለሕፃን ግን ይህን ማድረግ አደገኛ ነው፤ ኒኮቲን ሰውንም ይመርዛል።

ቃሉ በወንዝ ዳር

የውሃ መርማሪዎች "ሂሩዲኒያ" የሚሉት ለሌላ ጉዳይ ነው። ከወንዝ ወለል በመረብ የሚሰበሰቡ ትንንሽ ፍጥረታት ስለ ውሃው ይመሰክራሉ። በብሪታንያ በተዘጋጀው የነጥብ ሥርዓት ንጹሕና ኦክስጅን የበዛበት ውሃ ብቻ የሚስማማቸው ነፍሳት 10 ነጥብ ያገኛሉ፤ አብዛኞቹ የአልቅት ቤተሰቦች 3፣ ቀጫጭን የጭቃ ትሎች 1። አልቅት ዝቅተኛ ነጥብ የተሰጠው የኦክስጅን እጥረትንና ፍሳሽን ስለሚችል ነው። ለኢትዮጵያ ደጋማ ወንዞች የሚስማማ ኢትባዮስ የተባለ የነጥብ ሥርዓት ደግሞ አስቻለው ላቀውና ኦቶ ሙግ በእ.ኤ.አ. 2015 አቅርበዋል። የውጭ ሚዛን ለአገር ውሃ ሁልጊዜ ስለማይበቃ ይህ ትልቅ እርምጃ ነው።

ትንሹ አቃቂ የፋብሪካና የመኖሪያ ቤት ፍሳሽ ተሸክሞ የአትክልት ማሳዎችን እያጠጣ የሚወርድ ወንዝ ነው። በእ.ኤ.አ. 2019 የተጀመረው ሸገርን የማስዋብ ፕሮጀክት 56 ኪሎ ሜትር የወንዝ ዳርቻ ለማልማት ታቅዶ ነበር። ዳርቻው ሲያምር ውሃው መጥራቱን የሚነግሩን ግን ወለሉ ላይ ያሉት ፍጥረታት ናቸው።

ሆኖም ጥንቃቄ ያስፈልጋል። "አልቅት ካለ ውሃው ቆሻሻ ነው" ማለት ስሕተት ነው፤ ሊምናቲስ በሰው ዓይን ጥርት ባለ ምንጭ ውስጥም ይኖራል። "አልቅት ከሌለ ንጹሕ ነው" ማለትም ሌላ ስሕተት ነው፤ ብርቱ መርዝ አልቅትንም ይገድላል። "ሂሩዲኒያ ተገኘ" ብሎ የሚያበቃ ዘገባ ቆዳ የሚበሳውን፣ ጉሮሮ የሚይዘውንና ቀንድ አውጣ የሚበላውን በአንድ ከረጢት ይጨምራል። ቢያንስ እስከ ቤተሰብ፣ ከተቻለም እስከ ወገን መድረስ ይገባል።

በአማርኛ እንዴት ይጻፍ?

ፊደላችን ትልቅና ትንሽ ስለማይለይ ሳይንሳዊ ስም በአማርኛ ዓረፍተ ነገር ውስጥ በቀላሉ ይጠፋል። መፍትሔው የአገሩን ቃል ማስቀደም ነው፦ "ሊምናቲስ ኒሎቲካ የተባለው አልቅት"። ሁለቱ ቃላት ሳይነጣጠሉ በቅደም ተከተላቸው ይጻፉ። "ሂሩዶ" ለሂሩዶ ወገን ብቻ፣ "ሂሩዲኒያ" ለጠቅላላው ይዋል፤ "ሂሩዲን" ደግሞ የንጥረ ነገሩ ስም እንጂ የፍጥረቱ አይደለም። ለክፍፍሎቹ የራሳችን ቃል አይቸግረንም፤ መንጋጋማ አልቅት፣ ኩምቢያማ አልቅት፣ ዋጭ አልቅት ቢባል ተማሪ ወዲያው ይገባዋል። ነፋስንና ስልክን ያጋባ ቋንቋ ይህ አያቅተውም።

ሳይንሳዊው ስም የመጣው አልቅትን ከአፋችን ሊያወጣ ሳይሆን የትኛው አልቅት እንደሆነ ሊነግረን ነው። ስለዚህ መምህራንና ተርጓሚዎች ሁለቱን ስሞች ጎን ለጎን አስተምሩ። የጤና ባለሙያዎች አፍንጫው የሚደማ ልጅ ሲመጣ የጠጣውን ውሃ ጠይቁ። ወላጆችም ልጆቻችሁ ከምንጭና ከኩሬ በአፋቸው ተደፍተው እንዳይጠጡ ንገሯቸው፤ ውሃውን በጥቅጥቅ ጨርቅ አጥልሎ ማፍላት ከአልቅቱም ከሌላውም በሽታ ይጠብቃል።