በረዶ በማያውቅ አገር «ፀረ በረዶ» ለምን?

«መምህር፣ ድሬ ላይ በረዶ የት አይተው ያውቃሉና ነው ፀረ በረዶ የሚሉት? ውኃ እንደሆነ ውኃ ነው!»

ይህን ያለን ከድሬዳዋ ወደ ጀልዴሳ ይዞን ይጓዝ የነበረ ወጣት ሹፌር ነው። የሙቀት መለኪያው መርፌ ከቀዩ መስመር በመድረሱ መኪናው ከመንገድ ዳር ቆሟል። ከኮፈኑ ሥር እንፋሎት ይወጣል። ወጣቱ እጁን በጨርቅ ጠቅልሎ ወደ ራዲያተሩ ክዳን ሲዘረጋ «ቆይ ወንድሜ!» ብለን ክንዱን ያዝነው። ክዳኑን ለምን መክፈት እንደሌለበትና ውኃ ሁሉ አንድ ዓይነት ውኃ እንዳልሆነ በዚያ ጠራራ ፀሐይ ማስረዳት ጀመርን። ሞተሩ እስኪቀዘቅዝ ከአንድ ሰዓት በላይ ስለቆየን ለትምህርቱ በቂ ጊዜ ነበረን። ውድ አንባብያን፣ በዚያ መንገድ ዳር የተጀመረውንና በማግስቱ ጀልዴሳ በሚገኝ አንድ ግቢ ውስጥ በሥራ የተደመደመውን ትምህርት እነሆ።

ጭነት የሚለወጥባት ጀልዴሳ

ጀልዴሳ ከድሬዳዋ በስተ ሰሜን ምሥራቅ የምትገኝ ቆላማ ሥፍራ ናት። የምድር ባቡር ከመምጣቱ በፊት ከዘይላ ወደብ ወደ ሐረር የሚያልፈው የሲራራ ንግድ ዋና ማረፊያ ነበረች። በረሃውን አቋርጦ የመጣው ጭነት እዚህ ከግመል ጀርባ ይወርድና ወደ ሐረር የሚያወጣውን ዳገት በሚችሉ በቅሎዎችና አህዮች ላይ ይጫናል። በ1895 ዓ.ም. ከጅቡቲ የተነሣው የባቡር ሐዲድ ወደ ሐረር ተራሮች መውጣቱን ትቶ በቆላው በኩል አልፎ ድሬዳዋ በደረሰ ጊዜ ግን የንግዱ መስመር ከጀልዴሳ ራቀ።

የጥንቶቹ ነጋዴዎች ለሙቀቱ አንድ እንስሳ፣ ለዳገቱ ሌላ እንስሳ ነበራቸው። የዛሬው መኪና ግን ሁለቱንም በአንድ ሞተር መወጣት አለበት። ግመል ውኃ ሲጠማው የሰውነቱ ሙቀት ቀን ቀን ከ34 ዲግሪ ተነሥቶ ከ40 ዲግሪ በላይ እንዲደርስ ይተወውና ያከማቸውን ሙቀት በሌሊቱ ቅዝቃዜ ይለቃል። ሞተር ይህን ማድረግ አይችልም። ያመነጨውን ትርፍ ሙቀት ወዲያውኑ ለአየሩ ማስረከብ አለበት። አለዚያ ቴስታታው ይጣመማል፤ ጓርኒሲዮኑ ይቃጠላል፤ የባለቤቱም ኪስ ይራቆታል።

ሙቀቱ ወዴት ይሄዳል?

አንድ ሊትር ቤንዚን ሲቃጠል ወደ 33 ሚሊዮን ጁል የሚጠጋ ኃይል ይሰጣል። ከዚህ ውስጥ አንድ ሦስተኛው ገደማ በጭስ ማውጫው ይወጣል፤ ሌላው አንድ ሦስተኛ የሚያህለው ደግሞ በሞተሩ አካል ውስጥ ለሚዘዋወረው ፈሳሽ ይሰጣል። መኪናውን ወደፊት ለሚገፋው ሥራ የሚተርፈው የቀረው ነው። ለፈሳሹ የሚደርሰው ድርሻ ብቻውን 30 ሊትር ውኃ ከ20 ዲግሪ አንሥቶ ለማፍላት ይበቃል። ይህንን ሁሉ ሙቀት ከሞተሩ ተቀብሎ በራዲያተሩ በኩል ለነፋሱ የሚያስረክበው 6 ሊትር የሚያህል ፈሳሽ ነው።

ራዲያተር ሙቀት የሚያስረክብበት ፍጥነት በፈሳሹና በአየሩ መካከል ባለው የሙቀት ልዩነት ይወሰናል። ፈሳሹ 90 ዲግሪ፣ የደጋው አየር 20 ዲግሪ ቢሆን ልዩነቱ 70 ነው። አየሩ 35 ዲግሪ በሆነበት ቆላ ግን ልዩነቱ ወደ 55 ይወርዳል። ሌላው ሁሉ እኩል ቢሆን፣ ያው ራዲያተር በቆላ ከአቅሙ አንድ አምስተኛ ያህሉን ያጣል ማለት ነው። ስለዚህ በደጋ ሳይታወቅ የኖረ ጉድለት ሁሉ በጀልዴሳ መንገድ ላይ ይገለጣል።

ክዳኑ ለምን አይከፈትም?

ውኃ በ100 ዲግሪ የሚፈላው በባሕር ጠለል ላይ ነው። 1200 ሜትር ገደማ ከፍታ ባላት ድሬዳዋ በ96 ዲግሪ ይፈላል። ወደ ሐረር ስንጓዝ ከ2000 ሜትር በላይ በሆነው የደንገጎ ዳገት ላይ ደግሞ በ93 ዲግሪ አካባቢ ይፈላል። የሞተሩ የሥራ ሙቀት 90 ዲግሪ ገደማ ስለሆነ፣ ክፍት በሆነ ራዲያተር ውስጥ ያለ ተራ ውኃ ደንገጎ ላይ ከመፍላት የሚለየው 3 ዲግሪ ብቻ ነው።

ራዲያተር የምንጭን ክዳን እንዲኖረው የተደረገው በዚህ ምክንያት ነው። ክዳኑ በውስጡ ያለው ግፊት ከውጭው አየር በ0.9 ባር ገደማ እንዲበልጥ ያደርጋል። ግፊት ሲጨምር የመፍያ ነጥብም ይጨምራልና፣ ድሬዳዋ ላይ ተራው ውኃ ወደ 116 ዲግሪ እስኪጠጋ ሳይፈላ ይቆያል። ፈሳሹ ግማሽ በግማሽ የተበረዘ ኩላንት ከሆነ ደግሞ በዚህ ላይ ሌላ 8 ዲግሪ ያህል ይጨመርለታል።

እንግዲህ ሹፌራችን ክዳኑን ከፍቶት ቢሆን ኖሮ ምን ይደርስ እንደነበር እናስላ። በራዲያተሩና በሞተሩ ውስጥ 110 ዲግሪ የደረሰ 6 ኪሎ ግራም ውኃ አለ እንበል። ክዳኑ ሲከፈት ግፊቱ በቅጽበት ወደ ውጭው ግፊት ይወርዳል፤ ውኃውም በ96 ዲግሪ መፍላት ግድ ይለዋል። የ14 ዲግሪው ትርፍ ሙቀት ወደ 353 ሺህ ጁል ይጠጋል። አንድ ኪሎ ግራም ውኃን ለማትነን 2.26 ሚሊዮን ጁል ስለሚያስፈልግ፣ 156 ግራም ገደማ ውኃ ወዲያውኑ እንፋሎት ይሆናል። 156 ግራም ጥቂት ይመስላል። እንፋሎት ሲሆን ግን ወደ 300 ሊትር ይሰፋል፤ አንድ በርሜል ተኩል መሆኑ ነው። ይህ ሁሉ ከእጅ መዳፍ በጠበበ ቀዳዳ፣ የፈላውን ውኃ እየገፋ፣ ጎንበስ ብሎ በሚያይ ሰው ፊት ላይ ይወጣል። በእጅ ላይ የተጠቀለለ ጨርቅ ፊትን አያድንም።

ሞተሩ ቀዝቅዞ የላይኛው የጎማ ቱቦ በእጅ ሲዳሰስ የማያቃጥል ከሆነ በኋላ ክዳኑን ከፍተን፣ በጀሪካን የያዝነውን የጉድጓድ ውኃ ቀስ እያደረግን ጨመርንበት። በጋለ ሞተር ላይ ቀዝቃዛ ውኃ መድፋት ብረቱን ሊሰነጥቀው እንደሚችልም አልዘነጋንም። መኪናውም እየተንፏቀቀ ጀልዴሳ አደረሰን።

ድንጋዩ ከየት መጣ?

በማግስቱ ጠዋት ባረፍንበት ግቢ ውስጥ፣ ከራዲያተሩ ሥር ሳፋ አስቀምጠን የማፍሰሻውን ቡሽ ፈታን። የወረደው ፈሳሽ የሻይ መልክ ያለው የዛገ ውኃ ነበር። በክዳኑ አንገት ዙሪያ ደግሞ ነጭ ቅርፊት ተጋግሯል። ሹፌራችን አይቶት «ይሄማ የቤታችን ማንቆርቆሪያ ውስጥ ያለው ነው!» አለ። እውነቱን ነው። የድሬዳዋ የከርሰ ምድር ውኃ በኖራ ድንጋይ ውስጥ አልፎ ስለሚመጣ ካልሲየም ይበዛበታል። ሲሞቅ ካልሲየም ካርቦኔት ከውኃው ተለይቶ በጋለው ብረት ላይ ይለጠፋል። ይህ ቅርፊት ሙቀት በማስተላለፍ ረገድ ከአሉሚኒየም ጋር ሲነጻጸር እጅግ ሰነፍ ነው። የ1 ሚሊሜትር ቅርፊት ከ5 ሳንቲሜትር በላይ ውፍረት ካለው አሉሚኒየም ይልቅ ሙቀትን ይገታል። ቀጫጭኖቹን የራዲያተር ቱቦዎችም ይዘጋቸዋል።

እንግዲህ ለሹፌራችን ጥያቄ መልስ እንስጥ። «ፀረ በረዶ» የሚለው ስም የተሰጠው ክረምታቸው ውኃን በሚያግግርባቸው አገሮች ነው፤ ብዙዎችን ያሳሳተውም ይኸው ስም ነው። ፈሳሹ በዋናነት ኤቲሊን ግላይኮል ሲሆን፣ ግማሽ በግማሽ በውኃ ሲበረዝ እስከ 37 ዲግሪ ከዜሮ በታች አይረጋም። እኛ የምንፈልገው ግን ሌሎቹን ሁለት ጥቅሞቹን ነው። የመፍያ ነጥብን ከፍ ያደርጋል፤ በውስጡ ያሉት ፀረ ዝገት ቅመሞችም ብረቱን፣ አሉሚኒየሙንና የውኃ ፓምፑን ይጠብቃሉ። ስለሆነም በቆላ ያለ መኪና ኩላንት የሚያስፈልገው በረዶ ካለበት አገር መኪና ባላነሰ ነው።

ይሁንና ሚዛኑ ሊጠበቅ ይገባል። ሙቀትን በመሸከም ረገድ ንጹሕ ውኃን የሚያህል የለም። አንድ ኪሎ ግራም ውኃ በአንድ ዲግሪ ሲሞቅ 4.2 ሺህ ጁል ይይዛል፤ ያልተበረዘ ግላይኮል ግን የሚይዘው 2.4 ሺህ ያህል ብቻ ነው። «ኩላንት ጥሩ ከሆነ ሳይበረዝ ይሞላ» የሚል ሰው ሞተሩን ይበልጥ ያሞቀዋል። ግማሽ በግማሽ የሚባለው በዚህ ምክንያት ነው።

ሥራው እንዴት ተሠራ?

ከድሬዳዋ በሚመጣ መኪና 3 ሊትር ያልተበረዘ ኩላንትና በቂ ዲስቲልድ ውኃ አስላክን። ዲስቲልድ ውኃ ባትሪ በሚሸጥባቸው ሱቆች ይገኛል፤ ከባትሪ አሲድ ጋር እንዳይምታታ ጽሑፉን ማንበብ ግድ ነው። የኩላንቱን ዓይነት የመረጥነው ከመኪናው መመሪያ መጽሐፍ ነው። ቀለም መለያ አይሆንም፤ አረንጓዴውም ቀዩም በየአምራቹ የተለያየ ነገር ሊሆን ይችላልና። የማይስማሙ ዓይነቶችን መቀላቀል ፀረ ዝገቱን ያከሽፋል፤ አንዳንዴም ዝቃጭ ይፈጥራል።

አሮጌው ፈሳሽ ከወረደ በኋላ ቡሹን ዘግተን ንጹሕ ውኃ ሞላን። የቤቱን ማሞቂያ በሙሉ ከፍተን ሞተሩን ቴርሞስታቱ እስኪከፈት ድረስ አሠራነው፤ ከዚያም አጥፍተን፣ አቀዝቅዘን አፈሰስነው። ውኃው እስኪጠራ ይህንኑ ደጋገምን። የመጨረሻዎቹን እጥበቶች በዲስቲልድ ውኃ አደረግን፤ አለዚያ ድንጋይ ያለው ውኃ በሞተሩ ውስጥ ይቀራልና።

እዚህ ላይ ብዙዎች የሚሳሳቱበት ቀላል ሒሳብ አለ። የመኪናው መያዣ 6 ሊትር ሲሆን የፈሰሰው 4 ሊትር ብቻ ነበር። 2 ሊትር ውኃ በሞተሩ አካል ውስጥ ቀርቷል። ግማሽ በግማሽ የተበረዘ ኩላንት 4 ሊትር ብንጨምር ኖሮ የግላይኮሉ መጠን ከ6 ሊትር 2 ሊትር፣ ማለትም 33 በመቶ ብቻ ይሆን ነበር። ስለዚህ አስቀድመን ያልተበረዘውን 3 ሊትር፣ ቀጥለን 1 ሊትር ዲስቲልድ ውኃ ጨመርን። 3 ከ6 ግማሽ ነው።

የቀረው አየሩን ማስወጣት ነበር። በሞተሩ ውስጥ የታሰረ አየር ፈሳሹ እንዳይደርስ ስለሚከለክል ብረቱ በዚያ ቦታ ይግላል። በቀዝቃዛው ሞተር ክዳኑን ሳንዘጋ አስነሣነው፤ ፈንጠር ብለን ቆመን አረፋው እስኪያልቅ ጠበቅን። ደረጃው ዝቅ ሲል አጥፍተን ሞላነውና ክዳኑን ዘጋን። የአየር ማስወጫው ሥርዓት ከመኪና መኪና ስለሚለይ በዚህም መመሪያውን ማየት ይገባል። በቀጣዮቹ ቀናት ጠዋት ጠዋት፣ ሞተሩ ሳይሞቅ፣ ደረጃውን መመልከት የሥራው መደምደሚያ ነው።

ጣፋጩ መርዝ

ሥራው ላይ ሳለን የቤቱ ፍየሎች ወደ ሳፋው ተጠጉ። የቤቱ እመቤት ከእኛ ቀድመው አይተዋቸው ነበርና አባረው ሳፋውን በጣውላ ከደኑት። እኚህ እናት ባይደርሱ ኖሮ ጽሑፋችን ሌላ መልክ ይኖረው ነበር። ያ አሮጌ ፈሳሽ ይበልጡን ውኃ ቢሆንም፣ ቀደም ሲል የተጨመረ ኩላንት ቅሪት ሊኖረው ይችላል። ኤቲሊን ግላይኮል ጣዕሙ ጣፋጭ ነው፤ እንስሳም ሕፃንም ሊወደው ይችላል። በሰውነት ውስጥ ሲፈጭ ኦክሳሊክ አሲድ ይወጣዋል፤ ይህም ከካልሲየም ጋር ተዋህዶ በኩላሊት ውስጥ እንደ ጠጠር ይረጋና ይገድላል። የጠጣ ሰው ለጊዜው ደኅና መስሎ ቢታይም አንድ ደቂቃ ሳይባክን ወደ ሐኪም ቤት መወሰድ አለበት።

ስለዚህ ኩላንት በለስላሳ ወይም በታሸገ ውኃ ጠርሙስ ፈጽሞ አይቀመጥም። አሮጌውም መሬት ላይ አይደፋም። በአሸዋማ የወንዝ ወለል ላይ ጉድጓድ ምሶ ውኃ መቅዳት በተለመደበት ቆላ፣ ዛሬ አሸዋው የጠጣውን ነገ ሰው ይጠጣዋል። እኛም አሮጌውን በጀሪካን ዘግተን፣ «መርዝ» ብለን ጽፈንበት፣ ይዘነው ወደ ድሬዳዋ ተመለስን።

በመልሱ ጉዞ ላይ መርፌው ከመካከል አልተነቃነቀም። ሹፌራችን ደጋግሞ ይመለከተው ነበር። በመጨረሻም «መምህር፣ ደንገጎንስ ይወጣል?» ሲል ጠየቀን። ክዳኑ ግፊት የሚይዝ፣ ማራገቢያው የሚሠራ፣ ቱቦዎቹም ያልተሰነጠቁ ከሆኑ እንደሚወጣ ነገርነው። ለተማሪዎቻችን ግን አንድ ጥያቄ እንተዋለን። በደንገጎ ከፍታ የአየሩ ግፊት 0.79 ባር፣ የክዳኑ ተጨማሪ ግፊት 0.9 ባር ቢሆን፣ በራዲያተሩ ውስጥ ያለ ተራ ውኃ በስንት ዲግሪ ይፈላል? የክዳኑ ጎማ ቢያረጅስ? መልሱን ካገኛችሁ በኋላ ወደ ቤታችሁ ሄዳችሁ፣ ሞተሩ መቀዝቀዙን አረጋግጣችሁ፣ የቤተሰባችሁን መኪና ክዳን ተመልከቱት።