ሁለት ኮምፒዩተሮችን በኔትወርክ ገመድ በቀጥታ አገናኝቶ ፋይል ስለማዛወር

አሮጌ ኮምፒዩተራቸውን በአዲስ የሚተኩ ተገልጋዮች የሰነድ ቅጂዎቻቸውንና ፎቶግራፎቻቸውን የሚያዛውሩት አብዛኛውን ጊዜ በፍላሽ ዲስክ ነው። ፍላሽ ለጥቂት ገጾች ይበቃል። የብዙ ዓመታት ክምችት ሲሆን ግን ሥራው ይዘገያል፤ በፋት 32 የተዘጋጀ ፍላሽ ከ4 ጊጋባይት በላይ የሆነን አንድ ፋይል አይቀበልም፤ ከእጅ ወደ እጅ ሲዞርም ቫይረስ ያዛምታል። ኢንተርኔትም ሆነ ራውተር ሳያስፈልግ ሁለቱን ኮምፒዩተሮች በአንድ ገመድ ማገናኘት ይቻላል።

የሚያስፈልገው ካት 5ኢ ወይም ካት 6 የተባለው የተለመደ የኔትወርክ ገመድ ነው። ቀደም ባሉት ዓመታት የመላኪያና የመቀበያ ሽቦዎቹ የተቀያየሩ፣ ክሮስኦቨር የሚባል ልዩ ገመድ ግድ ይል ነበር። የጊጋቢት መሰኪያ ያላቸው ኮምፒዩተሮች ግን ይህን በራሳቸው ስለሚያስተካክሉ ለልዩ ገመድ ተጨማሪ ወጪ ማውጣት አያስፈልግም። የሁለቱም መሰኪያ ጊጋቢት ከሆነ 50 ጊጋባይት በ10 ደቂቃ ገደማ ሊዛወር ይችላል። አንዱ ባለ 100 ሜጋቢት ከሆነ ያው ሥራ ከአንድ ሰዓት በላይ ይወስዳል። እጅግ ብዙ ትናንሽ ፋይሎች ወይም አሮጌ ሃርድ ዲስክ ካለ ጊዜው ይረዝማል።

በዊንዶውስ ገመዱን ከሰኩ በኋላ የአንደኛውን አይፒ አድራሻ 192.168.50.1፣ የሌላኛውን 192.168.50.2፣ የሁለቱንም ሰብኔት ማስክ 255.255.255.0 ያድርጉ፤ የጌትዌይ ቦታውን ባዶ ይተዉት። በአሮጌው ኮምፒዩተር የሚዛወረውን ፎልደር ብቻ ለጋራ አገልግሎት ይክፈቱ እንጂ ሙሉውን ዲስክ አይክፈቱ። ከዚያም በአዲሱ ኮምፒዩተር የፋይል ማሰሻ የአድራሻ መስመር ላይ \\192.168.50.1 ብለው ይጻፉ። የሚጠየቁት የአሮጌውን ኮምፒዩተር የተጠቃሚ ስምና የይለፍ ቃል ነው፤ አጭሩ የፒን ቁጥር እዚህ አያገለግልም።

ብዙዎች የሚቸገሩት እዚህ ላይ ነው። ዊንዶውስ እንዲህ ያለውን ግንኙነት አብዛኛውን ጊዜ እንደማይታወቅ የሕዝብ ኔትወርክ ስለሚቆጥረው ፋይል መጋራትን ይከለክላል። መፍትሔው በመጋሪያ ቅንብሩ ውስጥ የፋይል መጋራትን ፈቃድ መክፈት ነው። ይሁን እንጂ ለሕዝብ ኔትወርክ የተከፈተ ፈቃድ በኋላ በካፌ ወይም በሆቴል ዋይፋይ ላይም ተከፍቶ ይቆያል። የመታወቂያ፣ የባንክና የንብረት ሰነዶችን በያዘ ኮምፒዩተር ላይ ይህ ቀላል ጉዳይ አይደለም። ስለሆነም ዝውውሩ እስኪያልቅ ዋይፋዩን ያጥፉ። ሥራውን ለማቅለል ሲባል የይለፍ ቃል ጥበቃውን ማንሳትም ተገቢ አይደለም።

ዝውውሩ ሲጠናቀቅ የፋይሎቹን ብዛትና መጠን በሁለቱም በኩል ያነጻጽሩ፤ የተወሰኑትንም ከፍተው ይመልከቱ። ይህ ሳይረጋገጥ ከአሮጌው ኮምፒዩተር ምንም አያጥፉ። በመጨረሻም የፋይል መጋራት ፈቃዱን ይዝጉ፤ የአይፒ አድራሻውንም ወደ አውቶማቲክ ይመልሱ፤ ካልተመለሰ ኮምፒዩተሩ በሌላ ጊዜ በገመድ ከኢንተርኔት ጋር ለመገናኘት ይቸገራል።