ኤሊፍ፦ የፊልም ስም ወይስ የቁርአን ፊደል?



ጥንት «እስላም ቤት» ይባል በነበረው የጎንደር አዲስ ዓለም ሰፈር አንድ ወንድማችን ለልጁ አቂቃ ጠርቶን ነበር። ስም ሊወጣ ሲል አባት «ኤሊፍ ትባል» አለ። አያቷ ግን «ከድጃ፣ ዘይነብ እያለ የፊልም ስም ለልጄ አይወጣላትም!» ብለው እምቢ አሉ። «እስቲ ኡስታዝ፣ አንተ ፍታው» ተባልኩ።

የአያቷ ስጋት መሠረት የሌለው አይደለም። ቃና ቴሌቪዥን በ2008 ዓ.ም ሥራ ጀምሮ የቱርክ ድራማዎችን በአማርኛ ካሰማን ወዲህ የቱርክ ስሞች ቤታችን ገብተዋል። ለጆሮ ስለጣመ ብቻ ስም የሚያወጣ ወላጅም አልጠፋም። ለመሆኑ ኤሊፍ ማለት ምን ማለት ነው?

ኤሊፍ ሌላ ሳይሆን «አሊፍ» ነው፤ ልጆቻችን ቁርአን ቤት ሲገቡ መጀመሪያ የሚቆጥሩት ፊደል። የአላህ ስም በዐረብኛ ሲጻፍ የሚጀምረው በእርሱ ነው። ሱረቱል በቀራም «አሊፍ ላም ሚም» ብላ ትከፈታለች። ቱርኮች በአነጋገራቸው «ኤሊፍ» አሉት። ፊደሉ ቀጥ ብሎ የሚቆም ስለሆነም ባለቅኔዎቻቸው ቁመተ ሎጋዋን በእርሱ ይመስሏት ነበር። ቱርክ በ1928 እ.ኤ.አ. የዐረብኛውን ፊደል ትታ በላቲን መጻፍ ጀመረች። ፊደሉ ከትምህርት ቤት ሲወጣ ስሙ ግን በሴቶች ልጆች ላይ ጸንቶ ቀረ።

ለእኛም ቢሆን ባዳ አይደለም። በግዕዝ የ«አ» ፊደል ስም «አልፍ» ነው። ሁለቱም የአንድ ጥንታዊ የሴም ፊደል ልጆች ናቸው፤ ስሙ በሬ ማለት ሲሆን ፊደሉም መጀመሪያ የተሣለው በበሬ ራስ አምሳል ነበር።

ይህ ሲባል ከቱርክ የመጣ ስም ሁሉ ይወሰድ ማለት አይደለም። እዚያው «አለይና» የሚባል የሴት ስም አለ። ቃሉ ቁርአን ውስጥ ይገኛል፤ ትርጉሙ ግን «በእኛ ላይ» ነው። ከቁርአን መገኘቱ ብቻውን ስም አያደርገውም። ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ.) «ዓሲያ»፣ ማለትም «አመፀኛ»፣ የምትባለውን ሴት «ጀሚላ» ብለው ስሟን የለወጡት ትርጉሙን አይተው ነው።

ይህን ሁሉ ስናገር አያቷ ዝም ብለው ሰሙኝ። ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «እኔንም በልጅነቴ አሊፍ አስብለውኝ ነበር፤ ወዲያው ሴት ልጅ ናት ብለው ወደ ማጀት መለሱኝ። ይችን እስክታኸትም የምታስተምሯት ከሆነ ኤሊፍ ትባል» አሉ።

አባትየው በሰው ፊት ቃል ገባ። እኔም ልፈታው ተጠርቼ ተምሬ ወጣሁ።

ወላጆች ሆይ! ከአላህ መጽሐፍ አንዲት ፊደል ላነበበ ዐሥር ምንዳ እንዳለው፣ አሊፍም ራሷን የቻለች ፊደል እንደሆነች ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ.) አስተምረውናል። ለልጃችን የፊደል ስም አውጥተን ፊደሉን ብንነፍጋት ምን እንመልሳለን? ስማቸውን ከነትርጉሙ የሚኖሩ ልጆች አላህ ይስጠን። አሚን!