የባሕርይ ተዋናይ

አንድ ተውኔት ለሕዝብ ሲቀርብ የተመልካች ዐይን አስቀድሞ የሚያርፈው በዋናው ባለታሪክ ላይ ነው። ይሁን እንጂ ታሪኩን ሕያው የሚያደርገው እርሱ ብቻ አይደለም። ደብተራው፣ አሽከሩ፣ ጭቃ ሹሙ፣ ነገረኛዋ ጎረቤትም የየራሳቸው አነጋገርና አካሄድ አላቸው። እነዚህን የመሳሰሉ ሰዎችን ጠባይ አጥንቶ፣ በየተውኔቱ ሌላ ሰው ሆኖ የሚቀርብ ባለሙያ የባሕርይ ተዋናይ ይባላል።

ለዚህ ሙያ አንድ ምሳሌ ከሀንጋሪ እንውሰድ። ሶኬ ሳካል እ.ኤ.አ. በ1883 በቡዳፔስት ተወለደ። የመድረክ ስሙ በሀንጋሪኛ «ወርቃማ ጢም» ማለት ነው። አይሁዳዊ በመሆኑ የናዚዎችን መከራ ሸሽቶ እ.ኤ.አ. በ1940 ወደ አሜሪካ ተሰደደ። እ.ኤ.አ. በ1942 በተሠራው «ካዛብላንካ» በተባለው ፊልም ውስጥ ካርል የተባለውን ደግ አስተናጋጅ ሆኖ ተጫወተ። ድርሻው አጭር ቢሆንም ተመልካች አልረሳውም። ሕዝቡን ያሥቅ የነበረው ይህ ሰው ግን እኅቶቹን በናዚዎች የእስረኞች ካምፕ አጥቷል። እርሱም እ.ኤ.አ. በ1955 ዐረፈ።

ከሀገራችን የባሕርይ ተዋንያን መካከል ደግሞ ወጋየሁ ንጋቱ ይጠቀሳል። ወጋየሁ በዚያው በሀንጋሪ የቴአትር ትምህርት ተከታትሎ ወደ ሀገሩ ከተመለሰ በኋላ በመድረክ ተዋናይነት ታወቀ። ስሙ በመላ ሀገሪቱ የገነነው ግን በሬዲዮ ነው። ደራሲ ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. ያሳተሙትን «ፍቅር እስከ መቃብር» የተባለ ልብ ወለድ «ከመጻሕፍት ዓለም» በተባለው የኢትዮጵያ ሬዲዮ ዝግጅት ተረከው።

የሬዲዮ ትረካ ከመድረክ ይልቅ ይከብዳል። በመድረክ ላይ ልብሱ፣ ፊቱና እጁ ተዋናዩን ያግዙታል፤ በሬዲዮ ያለው መሣሪያ ድምፅ ብቻ ነው። በመጽሐፉ ውስጥ ኩሩው ባላባት ፊታውራሪ መሸሻ፣ ልጃቸው ሰብለ ወንጌል፣ መምህሯ በዛብህ፣ እውነትን በመናገሩ እንደ እብድ የሚቆጠረው ጉዱ ካሣ ይገኛሉ። ተራኪው የእነዚህን ሁሉ ጠባይ በአንድ ጉሮሮ መለየት ነበረበት። ይህንም ያደረገው ድምፁን ከፍና ዝቅ በማድረግ፣ ንባቡን በማፍጠንና በማዘግየት፣ ከሁሉም በላይ ዝም በሚባልበት ቦታ ዝም በማለት ነው።

ይህ ሥራ ከአዲስ አበባ ርቀው ለሚኖሩ ሰዎች የነበረውን ጥቅም ለመረዳት ቦንጋን እናስብ። ቦንጋ ከአዲስ አበባ በስተ ደቡብ ምዕራብ ከ400 ኪሎ ሜትር በላይ ርቃ፣ በካፋ ደንና በቡናው ምድር መካከል የምትገኝ ከተማ ናት። ከዚያ ተነሥቶ አዲስ አበባ ወደሚገኘው ብሔራዊ ቴአትር መሄድ ለብዙ ሰው የሚቻል አልነበረም። ሬዲዮ ያለው ቤት ግን በትረካው ሰዓት ቴአትር ቤት ሊሆን ይችላል፤ ማንበብ የማይችል ሽማግሌም ከተማሪ ልጁ እኩል ታሪኩን ይከታተላል። የአፍ መፍቻ ቋንቋው ካፊኖኖ ለሆነ ልጅ ደግሞ ትረካው የአማርኛን ዐረፍተ ነገር አወራረድ በጆሮ የሚማርበት ትምህርት ቤት ነበር።

እንግዲህ ከሁለቱ ተዋንያን ሕይወት የምንማረው ቁም ነገር አለ። ሰውን ለመምሰል አስቀድሞ ሰውን ማወቅ ያስፈልጋል። ፊታውራሪ መሸሻን የሚጠላ አንባቢ እንኳ ድምፃቸውን ለመስጠት ሲሞክር ኩራታቸው ከምን እንደ መነጨ መጠየቁ አይቀርም። እናንተም ከአንድ ልብ ወለድ ንግግር ያለበትን ገጽ መርጣችሁ ድምፃችሁን ከፍ አድርጋችሁ አንብቡ። አንዲት ቃል ሳትለውጡ፣ ተናጋሪዎቹን በድምፅ ብቻ ለዩ። ነጠላ ሰረዝ፣ ድርብ ሰረዝና አራት ነጥብ ለምን እንደ ተሠሩ በዚያን ጊዜ ይገባችኋል።