«ጃን» ማለት ምን ማለት ነው? ስለ ስውር ቃላት አፈታት አጭር ማብራሪያ

ጥንታዊ ጽሑፍ የሚያነብ ተማሪ ትርጉሙ ያልታወቀ ቃል ሲያጋጥመው፣ ብዙ ጊዜ በድምፅ ወደሚመስለው ሌላ ቃል ይሮጣል። ይህ አካሄድ አሳሳች ነው። ስውር ቃል የሚፈታው በሚገኝበት ቦታ ሁሉ ተፈልጎ፣ ማስረጃውም ጎን ለጎን ተመዝኖ ነው። በዚህ አጭር ጽሑፍ «ጃን» የሚለውን ቃል ለአብነት እንወስዳለን።

«ጃን» ዛሬ ለብቻው ቆሞ አይነገርም፤ በጥምር ቃላት ውስጥ ግን ይኖራል። የመጀመሪያው «ጃንሆይ» ነው። «ሆይ» በ«ጌታ ሆይ» እንደምናየው የጥሪ ቃል ስለሆነ፣ ከፊቱ ያለው «ጃን» የተጠሪው መጠሪያ መሆን አለበት። ተጠሪውም ንጉሡ ነው። ሁለተኛው «ጃንጥላ» ነው። ዛሬ ማንም የሚይዘው ይህ ዕቃ በቀድሞው ዘመን የነገሥታት የክብር ምልክት እንደ ነበር ስናስታውስ፣ ስሙ «የንጉሥ ጥላ» ማለት እንደሆነ እንረዳለን። የቦታ ስሞችም ይህንኑ ያጠናክራሉ። የአዲስ አበባው ጃንሜዳ «የንጉሥ ሜዳ»፣ የጎንደሩ ጃንተከል ዋርካም «ንጉሥ የተከለው» ተብሎ ይፈታል። እንግዲህ ቃሉ ሞቷል ማለት አይቻልም፤ ከጎረቤቱ ጋር ተጣብቆ ተሰውሯል እንጂ።

ቀጥሎ የሚታየው የድምፅ ጉዳይ ነው። በቀደሙት ጽሑፎች ቃሉ «ዣን» ተብሎ ይገኛል፤ በመካከለኛው ዘመን ከነበሩት የንጉሥ ጭፍሮች አንዱ «ዣን አሞራ» ይባል ነበር። ዛሬም በስሜን ጃን አሞራ የሚባል ወረዳ አለ። የ«ዠ» እና የ«ጀ» መወራረስ «ዣንጥላ» እና «ጃንጥላ» በሚሉት አጠራሮች እስከ ዛሬ ይሰማል። ይህን ያላስተዋለ አንባቢ አንዱን ቃል ሁለት ያደርገዋል።

ስለ ምንጩ በብሌን ቋንቋ ዝሆን «ጃና» መባሉን ይዘው፣ ግዙፉ አውሬ ለንጉሥ ቅጽል ሆኗል የሚል መላምት ማቅረብ ይቻላል። ይሁን እንጂ የድምፅ መመሳሰል ብቻውን ማስረጃ አይሆንም። ለዚህ ጥሩ ማስጠንቀቂያ የሚሆነን አውሮጳውያን «ቄስ ዮሐንስ» እያሉ ያወሩለት የነበረው ንጉሥ ነው። «ዣን» የዮሐንስን ስም ስለሚመስል፣ የአፈ ታሪኩ ስም ከአማርኛ የተወሰደ ነው ያሉ ነበሩ። ነገር ግን የፍራይዚንጉ ኦቶ እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር በ1145 የጻፈለት ቄስ ዮሐንስ ከፋርስ ማዶ፣ በሩቅ ምሥራቅ ይኖራል የተባለ ነው። ታሪኩ ወደ ኢትዮጵያ የዞረው በ14ኛው ምዕተ ዓመት በመሆኑ፣ የስሙ ምንጭ «ዣን» ሊሆን አይችልም።

ከዚህ የምንረዳው፣ ስውር ቃልን ስንፈታ በቅድሚያ ጥምሩን መበተን፣ ቀጥሎ የድምፅ ለውጡን መከታተል፣ በመጨረሻም ዘመኑን ማመሳከር እንደሚገባን ነው። ማስረጃው ካልበቃ «መላምት ነው» ብሎ መጻፍ ነውር አይደለም። በግርጌ ማስታወሻ አንድ ጊዜ የገባ የተሳሳተ ፍቺ ግን ከመጽሐፍ ወደ መጽሐፍ እየተጋባ ይኖራል፤ የሚያርመውም ትውልድ ከጸሐፊው ይልቅ ብዙ ይደክማል።