አውሮፕላን ሰማይ ላይ ሲሰበር ወዴት ይሄዳል?

እስቲ ሁለት አደጋ ጎን ለጎን ላስቀምጥላችሁ። ሁለቱም የአየር ትርኢት ላይ የደረሱ ናቸው፤ በመካከላቸው ዓመት እንኳ አልሞላም። (ዘመኑን ሁሉ የምጠራው በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው።) ኦገስት 28 ቀን 1988 ጀርመን ውስጥ፣ ራምሽታይን በተባለው የአሜሪካ አየር ኃይል ጣቢያ፣ የጣሊያን ጄቶች አየር ላይ ተጋጩ። 70 ሰው ሞተ፤ ከእነዚህ 67ቱ ትርኢት ሊያዩ የመጡ ተመልካቾች ነበሩ። በቀጣዩ ዓመት ጁን 8 ቀን ደግሞ ፓሪስ አጠገብ ለቡርዤ ላይ አንድ የሶቪየት ሚግ-29 ብዙ ሕዝብ እያየው በአፍንጫው መሬት ላይ ተተከለ። ስንት ሰው ሞተ? አንድም! አብራሪው ራሱ መሬት ሊደርስ ሁለት ሦስት ሰከንድ ሲቀረው ከነመቀመጫው ተፈናጥሮ ወጥቶ ተረፈ።

ሁለቱም ጄት፣ ሁለቱም ዝቅ ብለው የሚበሩ፣ ሁለቱም ነዳጅ የያዙ። ታዲያ ልዩነቱ ከየት መጣ? «ዕድል ነው» ብላችሁ እንዳታልፉት። መልሱ አለ፤ ደግሞ ፊዚክስ ያልተማረ ሰው የሚገባው መልስ ነው።

ወንጭፍ ታውቃላችሁ አይደል? ማሽላ የሚጠብቅ ልጅ ማማ ላይ ቆሞ ወንጭፉን ከራሱ በላይ ያሽከረክራል፤ ድንጋዩ ክብ እየሠራ ይዞራል። አሁን ልጁ አንደኛውን የገመድ ጫፍ ለቀቀው። ድንጋዩ መዞሩን ይቀጥላል? አይቀጥልም። እዚያው ልጁ እግር ሥር ዱብ ይላል? እሱም አይደለም። በተለቀቀባት ቅጽበት ወደየት እየሄደ ከነበረ ወደዚያው ቀጥ ብሎ ይወነጨፋል። ሲያዞረው የነበረው ገመዱ ነዋ! ገመዱ ከሌለ ድንጋይ መታጠፍ የሚባል ነገር አያውቅም።

ገመዱን አውጡና በቦታው ክንፍ አስገቡ። አውሮፕላን የሚታጠፈው ክንፉ አየሩን እየገፋ ወደ ውስጥ ስለሚስበው ነው። ክንፉ ሲገነጠል ገመዱ ተለቀቀ ማለት ነው። ከዚያ በኋላ ፍርስራሹ ቁልቁል ብቻ አይወርድም፤ ሲሄድ ወደነበረበት አቅጣጫ እየከነፈ ነው የሚወርደው።

ምን ያህል ርቆ? ይህችን ሒሳብ አብረን እንሥራት። ከ100 ሜትር ከፍታ የተለቀቀ ከባድ ብረት መሬት ለመድረስ አራት ሰከንድ ተኩል ገደማ ይፈጅበታል። በሰዓት 800 ኪሎ ሜትር የሚበር ጄት በአንድ ሰከንድ 222 ሜትር ይሄዳል። አባዙት። አንድ ኪሎ ሜትር! አየሩ መጠነኛ ልጓም ያደርግበታል እንጂ እንደ ሞተር ያለ ድፍን ብረት በቀላሉ አይቆምም። አያችሁ ምን ማለት እንደሆነ? ሰው የሚፈራው አናቱ ላይ ያለውን አውሮፕላን ነው። የበለጠ የሚያስፈራው ግን ገና ሩቅ ሆኖ ፊቱን ወደ እናንተ የመለሰው ነው።

የፓሪሱ ሚግ ለምን ማንንም እንዳልገደለ አሁን ራሳችሁ ልትነግሩኝ ትችላላችሁ። አፍንጫውን ቀና አድርጎ፣ ለጄት እጅግ በዘገመ ፍጥነት፣ ከተመልካቹ ፊት ጎን ለጎን እያለፈ ሳለ ነው አንደኛው ሞተሩ የጠፋው። የሚያስወነጭፈው ፍጥነት አልነበረውም፤ ስለዚህ ባለበት ወደቀ።

አሁን ወደ እንግሊዝ እንሂድ። ሴፕቴምበር 6 ቀን 1952፣ ፋርንቦሮ። አብራሪው ጆን ዴሪ ነው፤ ከአራት ዓመት በፊት ከእንግሊዛውያን መጀመሪያ የድምፅን ፍጥነት ያለፈ የሚባለው ሰው። ከአጠገቡ አንቶኒ ሪቻርድስ የሚባል ባልደረባው ተቀምጧል። ደ ሃቪላንድ 110 የተባለውን አዲስ ጄት ከ12 ሺህ ሜትር ገደማ ቁልቁል ለቀቁት፤ የድምፅን ፍጥነት ሲያልፍ የወጣው ፍንዳታ መሰል ድምፅ ሕዝቡን አስጨበጨበ። በዚያ ዘመን ሰው ይህን ድምፅ ለመስማት ብሎ ቲኬት ይቆርጥ ነበር! ከዚያ ዝቅ ብለው አለፉ፣ ወደ ግራ ታጠፉ፣ ፊታቸውን ወደ ሕዝቡ መልሰው ከመታጠፉ እየተቃኑ ሽቅብ መሳብ ጀመሩ። ክንፉ ሁለቱን ሥራ ባንዴ አልቻለም። አየር እየቀዘፈ የሚቀድመው የክንፉ ግንባር ተጨማደደ፣ የክንፉ ጫፍ ተገነጠለ፣ አንድ ሰከንድ ባልሞላ ጊዜ ውስጥ አውሮፕላኑ ብትንትኑ ወጣ።

ሁለቱ ሞተሮች ተነቅለው ጉዟቸውን ቀጠሉ። አንደኛው ጉብታ ላይ ቆሞ ያይ የነበረው ሕዝብ መካከል አረፈ። 29 ተመልካች ሞተ፤ ከሁለቱ በራሪዎች ጋር 31። ከሁሉ የገረመኝ ግን ትርኢቱ አለመቆሙ ነው። በዚያው ቀን ኔቪል ዱክ የተባለ አብራሪ ሃንተር ጄቱን አስነሥቶ ያንኑ ድምፅ ደገመው። ጀግንነት ነው የሚሉ አሉ፤ እኔ እንጃ፣ ሬሳ ገና እየተነሣ ነበር።

ራምሽታይን ላይ ደግሞ ነገሩ ሆን ተብሎ የተሠራ ሙከራ ይመስል ጥርት ብሎ ይታያል። ፍሬቼ ትሪኮሎሪ የሚባለው የጣሊያን ቡድን ዐሥር ጄት አለው። ዘጠኙ፣ አምስትና አራት ሆነው ተከፍለው፣ በጢስ ሰማይ ላይ ትልቅ ልብ ይሥላሉ። ሁለቱ ቡድኖች የልቡ ታችኛ ጫፍ ላይ፣ ማኮብኮቢያውን ተከትለው፣ ከግራና ከቀኝ መጥተው ይተላለፋሉ። ዐሥረኛው ብቻውን ከወዲያ በኩል መጥቶ ልቡን እንደ ፍላጻ ይወጋዋል። ከወዲያ ወደየት? ወደ ተመልካቹ! ውበቱም አደጋውም እዚያ ላይ ነው።

የዚያን ቀን ዐሥረኛው ቀድሞ ደረሰ፣ ዝቅም ብሎ ነበር። ሁለት ጄቶች መታ። አሁን ሦስት ፍርስራሽ አለን፤ ሦስቱም በአንድ ግጭት፣ በአንድ ቅጽበት የተፈጠሩ። ማኮብኮቢያውን ተከትለው ይበሩ የነበሩት ሁለቱ ማኮብኮቢያውና ዳርቻው ላይ ቀሩ፤ አንደኛው ለአደጋ ጊዜ ቆሞ የነበረ ሄሊኮፕተር ላይ ወደቀ። ወደ ሕዝቡ ይበር የነበረው ሦስተኛው መሬት መትቶ፣ በእሳት ተጠቅልሎ፣ ወደ ሕዝቡ ገባ። ለእኔ ነገሩ ቁልጭ ያለው እዚህ ላይ ነው። ተመልካቾቹን የገደላቸው ግጭቱ ሳይሆን የአንዱ አውሮፕላን አቅጣጫ ነው! ያው ግጭት ሁሉም ጎን ለጎን እየበሩ ቢሆን ኖሮ አብራሪዎቹ ይሞቱ ነበር፤ 67ቱ ተመልካቾች ግን ማታ ቤታቸው ይገቡ ነበር።

«ታዲያ ተመልካቹን ማራቅ ነዋ!» ትሉኝ ይሆናል። ይራቃል እኮ። ለምሳሌ አሜሪካ ውስጥ ፈጣን ጄት አክሮባት ሲሠራ ከተመልካቹ መስመር 1,500 ጫማ፣ ማለትም 457 ሜትር መራቅ አለበት። ግን ቅድም ያገኘናትን ቁጥር አስታውሱ፤ አንድ ኪሎ ሜትር! 457 ሜትር ወደ እናንተ የሚወነጨፍ ሞተር አያቆምም። ስለዚህ ርቀቱ ብቻውን አይበቃም፤ ሁለተኛው ሕግ የግድ ነው፦ አክሮባት ስትሠራ የአውሮፕላንህን ጉልበት ወደ ተመልካቹ አታነጣጥር። ጎን ለጎን እለፍ፣ ስትታጠፍም ጀርባህን ሰጥተህ ውጣ። ያን ጊዜ የሚሰበረው ነገር ሁሉ ባዶው ሜዳ ላይ ይበተናል። ሁለቱ ሕጎች አንዱ ያለ አንዱ ዋጋ የላቸውም።

ሕጎቹ ሲረሱ ምን እንደሚሆን ዩክሬን አይታለች። ጁላይ 27 ቀን 2002 ልቪቭ አጠገብ ስክኒሊቭ ላይ ሕዝቡ ከቆሙት አውሮፕላኖች መካከል ይዘዋወር ነበር፤ አንድ ሱ-27 ጄት ደግሞ እዚያው አጠገብ ዝቅ ብሎ እየተገለበጠ ነው። ከፍታ አነሰው፣ ክንፉ መሬት ነካ፣ እየተንሸራተተ ሕዝቡ መካከል ገባ። 77 ሰው ሞተ፤ 28ቱ ሕፃናት ናቸው። ሁለቱ አብራሪዎች ተፈናጥረው ወጥተው ተረፉ። በዓለም የአየር ትርኢት ታሪክ ይህን ያህል ሰው የገደለ የለም።

ግን ቆዩ፣ አንድ ያልተመለሰ ነገር አለ። ክንፉ ያልተሰበረ አውሮፕላንስ? እሱ ድንጋይ አይደለም፤ መሪው ሲያብድ ወደፈለገው ይታጠፋል። ሴፕቴምበር 16 ቀን 2011 አሜሪካ፣ ሬኖ ላይ የሆነው ይኼ ነው። ትርኢት ሳይሆን ውድድር ነበር፤ የሁለተኛው የዓለም ጦርነት ፒ-51 ተዋጊ አውሮፕላን፣ ለፍጥነት ተብሎ ብዙ ቦታው የተቀየረ። የጭራው ክንፍ ጠርዝ ላይ መሪውን የምታቃልል ትንሽ ተንቀሳቃሽ ሳንቃ አለች። እሷን የያዙት ብሎኖች ላልተው ነበር፤ ለምን ቢባል፣ ዳዶቹ ውስጥ ያለው ብሎን አጥብቆ የሚይዘው ቀለበት አርጅቶ ስላለቀ። ዳዶቹ ከ26 ዓመት ያላነሰ ዕድሜ ነበራቸው። ዳዶ! ሳንቃዋ መንቀጥቀጥ ጀመረች፣ ተሰበረች፣ አውሮፕላኑ ድንገት አፍንጫውን ሽቅብ ሰቀለ። አብራሪው ላይ የመጣው ጫና ከክብደቱ 17 እጥፍ በላይ ነው። 70 ኪሎ የሚመዝን ሰው በአንድ አፍታ ከ1,100 ኪሎ በላይ ሆነ ማለት ነው! በዚህ ጫና ደም ወደ ጭንቅላት አይወጣም፤ አብራሪው ወዲያው ራሱን ሳተ። ማንም ያልያዘው አውሮፕላን ተመልካቾቹ የተቀመጡበት ቦታ ላይ ወረደ፤ 11 ሰው ሞተ። ይህን ዓይነቱን አደጋ የአቅጣጫ ሕግ ሙሉ በሙሉ አይከለክለውም፤ ሊይዘው የሚችለው መፍቻ ጨብጦ ዳዶውን በጊዜው የሚቀይር ሰው ነው።

የመጨረሻው ሾርሃም ነው፣ እንግሊዝ፣ ኦገስት 22 ቀን 2015። እዚህ ላይ ቁጥሮቹ እንዴት እንደሚገጥሙ ስታዩ ትደነቃላችሁ። አውሮፕላኑ አሮጌ ሃንተር ነው፤ ያ ዱክ በ1952 ያስነሣው ዓይነት። ሽቅብ ወጥቶ፣ አናቱ ላይ ተገልብጦ፣ ክቡን ጨርሶ ሊወርድ ነው። ሽቅብ ሲወጣ ፍጥነቱን ወደ ከፍታ ይለውጣል፤ ሲወርድ ደግሞ ለመቃኘት ያንን ከፍታ ይጠቀምበታል። አናቱ ላይ ከፍታው ካነሰ የክቡ ታችኛ ጫፍ የሚያርፈው ከመሬት በታች ነው!

ለዚህ ነው አብራሪ አናቱ ላይ ሲደርስ ከፍታውን አይቶ፣ ካነሰ ክቡን ትቶ ተቃንቶ መውጣት ያለበት። ሃንተሩ መነሻው ላይ ቢያንስ በሰዓት 650 ኪሎ ሜትር መብረር ነበረበት፤ በ575 ገደማ ገባ። አናቱ ላይ ቢያንስ 3,500 ጫማ ያስፈልገው ነበር፤ 2,700 ገደማ ላይ ቀረ። አሁን ተመልከቱ፦ ፍጥነቱ የጎደለው 11 በመቶ ገደማ ነው፤ ከፍታው የጎደለው ግን 23 በመቶ፣ እጥፍ! ምክንያቱም ከፍታ የሚመጣው ፍጥነት በራሱ ሲባዛ ነው፤ ከፍጥነት ላይ ትንሽ ስትቀንሱ ከከፍታው ብዙ ይሄዳል። ሞተሩም ሽቅብ ሲወጣ በሙሉ ጉልበቱ አልተገፋም ነበር። አደጋ መርማሪዎቹ እንዳሉት አናቱን ካለፈ በኋላ እንኳ ለአራት ሰከንድ ያህል ክቡን ትቶ ማምለጥ ይቻል ነበር።

አውሮፕላኑ የወደቀው ኤ27 የሚባለው አውራ ጎዳና ላይ ነው። 11 ሰው ሞተ፤ ከእነሱ መካከል ወደ ጨዋታቸው ይሄዱ የነበሩ ሁለት ወጣት እግር ኳስ ተጫዋቾች ይገኙበታል። ቲኬት ቆርጦ አጥር ውስጥ ከነበረው ሕዝብ የሞተ የለም። ከፋርንቦሮ ወዲህ በብሪታንያ የአየር ትርኢት እንዲህ ያለ ተመልካች ሞቶ አያውቅም ነበር፤ ሕጉ ያን ቀንም የተሠራበትን ሥራ ሠርቷል። ጉልበቱ ከተመልካቹ ዞር ብሏል፤ ግን ወደየት ዞረ? መኪና ወደሚያልፍበት መንገድ። ከዚያ ወዲህ የብሪታንያ ሲቪል አቪዬሽን ባለሥልጣን አሮጌ ጄቶች ከየብስ በላይ አክሮባት እንዳይሠሩ ገደበ፣ ርቀቶቹንም ጨመረ። አሁን አዘጋጆቹ ከትርኢቱ በፊት አጥሩን ታክኮ የሚያልፈውን መንገድና ሳይከፍል ሊያይ ውጭ የሚሰበሰበውን ሰው ጭምር በዕቅዳቸው ማስገባት አለባቸው።