የአድሚራሉ ፋይል

ባለፈው ክረምት ለለቅሶ ወደ ጫግኒ ወርጄ ነበር። ከአጠገቤ የተቀመጡ አዛውንት በጉርምስናቸው ምጽዋ ላይ መርከበኛ እንደነበሩ አጫወቱኝ። ከጫግኒ ተነስቶ መርከበኛ! ሕግ መማሬን ሲሰሙ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «እስቲ አንተ የሕግ ሰው ነህ፣ አድሚራላችን በየትኛው አንቀጽ ነው የተረሸኑት?» አሉኝ። የለቅሶ ቤት ጨዋታ ነውና በአጭሩ አለፍኩት። ጥያቄያቸው ግን አብሮኝ አዲስ አበባ ገባ።

አድሚራሉ ሪር አድሚራል እስክንድር ደስታ ናቸው። የራስ ደስታ ዳምጠውና የልዕልት ተናኘወርቅ ኃይለሥላሴ ልጅ ሲሆኑ፣ በ1926 ዓ.ም. ተወለዱ። የካቲት 1929 ዓ.ም. ጣሊያኖች አባታቸውን ሲረሽኑ ገና ሦስት ዓመት አልሞላቸውም። ኋላ እንግሊዝ አገር ተምረው፣ የብሪታንያ ባሕር ኃይል መኮንኖቹን በሚያፈራበት በዳርትማውዝ ኮሌጅ ሠለጠኑ። ባሕር ኃይላችን የተቋቋመው እ.ኤ.አ. በ1955 ነው። እ.ኤ.አ. በ1962 ከአሜሪካ የተገኘችው «ኢትዮጵያ» የተባለችው መርከብ ደግሞ ትልቋ ነበረች። እስክንድር የዚህ ኃይል ምክትል አዛዥ ሆኑ። የንጉሥ የልጅ ልጅ ባይሆኑ በዚያ ዕድሜ እዚያ ይደርሱ ነበር? አይመስለኝም። ሠልጥነው እንደመጡ ግን አይካድም።

ኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. ሌሊት ከአክሊሉ ሀብተወልድ፣ ከእንዳልካቸው መኮንንና ከሌሎች ባለሥልጣናት ጋር ተረሸኑ። አርባ ዓመታቸው ነበር። በማግሥቱ ሬዲዮው ለሕዝብ የነገረው «ፖለቲካዊ ውሳኔ» መሰጠቱን ነው። እኔን እንደ ሕግ ሰው የሚገርመኝ ይህ ነው፦ ደርግ በዚያው ሰሞን በዐዋጅ ቁጥር 7 ልዩ የጦር ፍርድ ቤት አቋቁሟል፣ በዐዋጅ ቁጥር 8 ደግሞ ልዩ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ አውጥቷል። ሕጉንም ዳኛውንም ራሱ መርጧል። እነዚያን ሰዎች ግን በራሱ ዳኛ ፊት እንኳ ለማቅረብ አልደፈረም።

እስክንድር የሠለጠኑበት የእንግሊዝ ባሕር ኃይልም አድሚራል ረሽኗል። ጆን ቢንግ እ.ኤ.አ. በ1756 በፈረንሳዮች የተከበበችውን የሜኖርካ ደሴት እንዲያድን ተልኮ ሳይሳካለት ተመለሰ። የጦር ፍርድ ቤት መርከብ ላይ ተቀምጦ ለሳምንታት ምስክር ሰማ። ከፈሪነት ነጻ አወጣው፣ የሚቻለውን ሁሉ አላደረገም በሚለው ግን ጥፋተኛ አለው። አንቀጹ ከሞት ሌላ ቅጣት ስለማያውቅ ዳኞቹ ፈርደው ሲያበቁ ራሳቸው ምሕረት ለመኑለት። ንጉሡ እምቢ አሉ፣ እ.ኤ.አ. መጋቢት 14 ቀን 1757 ተረሸነ። ፍርዱ ጨካኝ ነበር። ነገር ግን መዝገቡ ስላለ ሕጉ እ.ኤ.አ. በ1779 ተሻሻለ። እ.ኤ.አ. በ2007 ዘሮቹ ይቅርታ እንዲደረግለት ጠይቀው መንግሥት አልተቀበላቸውም። ከ250 ዓመት በኋላም የሚሟገቱበት ወረቀት አላቸው ማለት ነው።

በእኛ ዘንድ ወረቀት የተገኘው ለገዳዮቹ ነው። የነዚያ ባለሥልጣናት ግድያ በልዩ ዐቃቤ ሕግ ክስ ውስጥ ገብቶ፣ ታኅሣሥ 1999 ዓ.ም. ኮሎኔል መንግሥቱ ኃይለማርያም በሌሉበት፣ ሌሎች የደርግ ባለሥልጣናት ደግሞ በአካል ቀርበው ጥፋተኛ ተባሉ። ክስ ተነበበ፣ ጠበቃ ተከራከረ፣ ይግባኝም ተጠየቀ። ዓመታት መፍጀቱን ስንወቅስ ኖረናል፤ እኔም ወቅሻለሁ። ሟቾቹ ግን ከዚያ ሁሉ ክርክር የአንድ ቀኑን እንኳ አላገኙም።

ሰሞኑን ለአዛውንቱ ስልክ ደወልኩ። «ጋሼ፣ አንቀጽ የለውም» አልኳቸው። ዝም አሉ። ቀጥሎ፣ «እኔኮ ያኔ አጥፍተው ነው ያልኩ፣ ሃምሳ ዓመት ሙሉ» አሉኝ።